ሕይወት በሞት ሲጋረድ፦ ዳግ ሐማርሾልድ እና ያልተዘጋው መዝገብ

የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ሁለተኛው ዋና ጸሐፊ ዳግ ሐማርሾልድ የሞቱት መስከረም 8 ቀን 1954 ዓ.ም.፣ ማለትም እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 18 ቀን 1961፣ ከእኩለ ሌሊት በኋላ ነው። የተሳፈሩበት አውሮፕላን በያኔዋ ሰሜን ሮዴዢያ፣ በዛሬዪቱ ዛምቢያ፣ ከንዶላ ከተማ አጠገብ ካለ ደን ውስጥ ወደቀ። የአወዳደቁ ምክንያት ከስድሳ ዓመታት በላይ አልፎም እልባት አላገኘም። ስለ እኒህ ሰው የሚጻፈውም ሆነ በፊልም የሚሠራው አብዛኛው ሥራ ከዚያች ሌሊት የሚነሣው በዚህ ምክንያት ነው። የዴንማርኩ ጋዜጠኛና ፊልም ሠሪ ማድስ ብሩገር እ.ኤ.አ. በ2019 ለእይታ ያበቃው «ኮልድ ኬዝ ሐማርሾልድ» የዚህ ዝንባሌ ጉልህ ምሳሌ ነው። ፊልሙ የዘጋቢ ፊልምን ወግ ሆን ብሎ የሚያፈርስ፣ መርማሪውን ራሱን ባለታሪክ የሚያደርግ፣ ያልተፈታ ወንጀልን በግል ትረካ የሚከታተል የሙከራ ሥራ ነው።

ይህ አጭር ጽሑፍ የሚነሣው ከሌላኛው ጫፍ ነው። ሐማርሾልድ በዚያች ሌሊት ያለ አጃቢ፣ አቅጣጫውን በሰወረ አውሮፕላን፣ ከባላንጣ ጋር ፊት ለፊት ለመነጋገር ለምን ይጓዙ ነበር? ይህ ጥያቄ አውሮፕላኑን ማን ጣለው ከሚለው ያነሰ ክብደት የለውም፤ መልሱም የሚገኘው በስብርባሪው ውስጥ ሳይሆን በሕይወት ታሪካቸው ውስጥ ነው። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ቀናትና ዓመታት ሁሉ በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር የተሰጡ ናቸው።

ሐማርሾልድ ጁላይ 29 ቀን 1905 በስዊድን ዮንሾፒንግ ከተማ ተወለዱ። ከአራት ወንድማማቾች የመጨረሻው ነበሩ። ቤተሰቡ ለዘመናት ለመንግሥት ወታደርና ሹም ሲያወጣ የኖረ ነው። አባታቸው ያልማር ሐማርሾልድ በመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ወቅት፣ ከ1914 እስከ 1917፣ የስዊድን ጠቅላይ ሚኒስትር ነበሩ። አገሪቱን ከጦርነቱ ገለልተኛ አድርገው ለማቆየት የተከተሉት ግትር መንገድ ከምግብ እጥረት ጋር ስለተገጣጠመ፣ ሕዝቡ የቤተሰቡን ስም ከረኃብ ጋር አዳቅሎ የፌዝ ቅጽል አወጣላቸው፤ በመጨረሻም ሥልጣናቸውን ለቀቁ። ልጅየው ያደጉት አባታቸው የአውራጃ ገዥ ሆነው በሚኖሩበት በኡፕሳላ ቤተ መንግሥት ነው። ለሕግ ሲሉ ብቻቸውን የቆሙና በሕዝብ የተጠሉ አባትን በቅርብ እያዩ ማደግ በኋለኛው ጠባያቸው ላይ አሻራ እንዳሳረፈ መገመት አያስቸግርም። በ1953 አባታቸው ሲሞቱ በስዊድን አካዳሚ የነበራቸውን መቀመጫ የወረሱት እኒሁ የመጨረሻ ልጅ ናቸው፤ በደንቡ መሠረት ወደ አካዳሚው ሲገቡ ያቀረቡት ንግግርም ስለ አባታቸው ነበር።

በኡፕሳላ ዩኒቨርሲቲ ሥነ ጽሑፍን፣ ፍልስፍናን፣ ኢኮኖሚክስንና ሕግን አጠኑ። የዶክትሬት ድርሳናቸው የንግድ ዑደት ከአንዱ የኢኮኖሚ ዘርፍ ወደ ሌላው እንዴት እንደሚዛመት የሚመረምር ነው። ገና በሠላሳ አንድ ዓመታቸው በገንዘብ ሚኒስቴር ከሚኒስትሩ ቀጥሎ ያለውን ቋሚ የሙያ ሹመት ያዙ፤ ከ1941 እስከ 1948 ደግሞ የስዊድን ብሔራዊ ባንክን ቦርድ መርተዋል። ከጦርነቱ በኋላ ወደ ውጭ ጉዳይ ተዛውረው በአውሮፓ መልሶ ግንባታ ድርድሮች ተካፈሉ። በ1951 የካቢኔ አባል ሲሆኑ እንኳ የማንም ፓርቲ አባል አልሆኑም። በፖለቲካ መካከል ተቀምጦ ከፖለቲካ ወገን አለመሆን ለእርሳቸው የሙያ ሥርዓት እንጂ ሽሽት አልነበረም።

በ1953 ለዋና ጸሐፊነት የተመረጡት ማንነታቸውን አጥብቆ የመረመረ ስላልነበረ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። ኃያላኑ ከመጀመሪያው ዋና ጸሐፊ ከትሪግቬ ሊ ጋር ከተጋጩ በኋላ የፈለጉት ድምፁን ዝቅ አድርጎ ቢሮውን የሚያስተዳድር ሰው ነበር። ዜናው ስቶክሆልም የደረሰው በማርች የመጨረሻ ሌሊት ስለነበር፣ ተመራጩ ራሳቸው የአፕሪል አንድ ቀልድ መስሏቸው እንደነበር ይነገራል። አፕሪል 10 ቀን ቃለ መሐላ ፈጸሙ።

የመራጮቻቸውን ግምት ያፈረሰው የቤጂንግ ጉዞ ነው። በኮርያ ጦርነት ጊዜ አውሮፕላናቸው የተመታባቸው አሥራ አንድ የአሜሪካ አየር ኃይል አባላት በቻይና በሰላይነት ተፈርዶባቸው ነበር። ጠቅላላ ጉባኤው በዲሴምበር 1954 ቻይናን አውግዞ ዋና ጸሐፊው እንዲያስፈቷቸው ጠየቀ። ሕዝባዊት ቻይና ግን የድርጅቱ አባል አልነበረችም፤ ያወገዛትን ጉባኤ መልእክተኛ ለመቀበል የሚያስገድዳትም ነገር አልነበረም። ሐማርሾልድ መፍትሔ ያሉት በሕግ ረገድ ረቂቅ፣ በተግባር ረገድ ደፋር ነበር። የሚመጡት በውግዘቱ ውሳኔ ስም ሳይሆን የድርጅቱ ቻርተር ለዋና ጸሐፊው በሰጠው የራሱ ሥልጣን መሆኑን ለጠቅላይ ሚኒስትር ቹ ኤንላይ በቀጥታ አሳወቁ፤ ከዚያም ራሳቸው ሄዱ። በጃንዋሪ 1955 ለቀናት ተነጋግረው ባዶ እጃቸውን ሲመለሱ ብዙዎች ተሳለቁባቸው። እስረኞቹ የተለቀቁት በኦገስት መጀመሪያ፣ ሐማርሾልድ ሃምሳ ዓመት በሞላቸው ሰሞን ነው። ከዚህ የቀሰሙት ልምድ ሁለት ገጽ ነበረው፦ ሥልጣንን ከውሳኔ ሰጪዎቹ ስሜት ለይቶ በቻርተሩ ላይ መትከል፣ እና በጣም አስቸጋሪ በሆነ ጊዜ በመካከለኛ ሳይሆን በራስ እግር ወደ ባላንጣ መሄድ። ይህ ሁለተኛው ልማድ ኋላ ወደ ንዶላ ወስዷቸዋል።

የ1956ቱ የስዊዝ ቀውስ በብዙ መጻሕፍት ስለተዘረዘረ እዚህ በአጭሩ ማለፍ ይቻላል። ከካናዳው ሌስተር ፒርሰን ሐሳብ በመነሣት በጥቂት ቀናት ውስጥ የመጀመሪያውን የሰላም አስከባሪ ጦር አደራጁ፤ በ1957ም ያለ ተቃውሞ ለሁለተኛ ዘመን ተመረጡ።

ከዚህ ሁሉ ጀርባ ማንም የማያውቀው አንድ የእጅ ጽሑፍ ነበር። ከሞታቸው በኋላ በኒው ዮርክ መኖሪያቸው ተገኝቶ በ1963 በስዊድንኛ የታተመው ይህ ማስታወሻ ከወጣትነት እስከ መጨረሻው ዓመት ድረስ የተጻፉ ጸሎቶችን፣ አጫጭር ሐሳቦችንና ግጥሞችን ይዟል። አንባቢን የሚያስገርመው በውስጡ ያለው ሳይሆን የሌለው ነው። ስለ ቤጂንግም ሆነ ስለ ስዊዝ በስም የተነሣ ጉዳይ የለም፤ አንድም መሪ አይወቀስም፣ አይወደስም። ጸሐፊው ከራሳቸው ሕይወት ራሳቸውን ለማውጣት የሚታገሉ ይመስላሉ። ከገዳማዊ ጽሑፍ ጋር ትውውቅ ላለው የአገራችን አንባቢ ይህ ዓይነቱ ራስን የመካድ ተጋድሎ እንግዳ አይሆንበትም። በመጨረሻዎቹ ሳምንታት ትርፍ ጊዜያቸውን የሰጡትም የማርቲን ቡበርን የእኔና የአንተ ፍልስፍና ወደ ስዊድንኛ ለመተርጎም ነበር።

ከአፍሪካ ጋር ያላቸው ታሪክ የሚጀምረው ከኮንጎ አስቀድሞ ነው። የአፍሪካ ኢኮኖሚ ኮሚሽን ዲሴምበር 29 ቀን 1958 በአዲስ አበባ የመጀመሪያ ጉባኤውን ሲከፍት በአካል ተገኝተዋል። ከ1959 ማብቂያ እስከ 1960 መጀመሪያ ደግሞ ከሃያ በላይ የአፍሪካ አገሮችንና ግዛቶችን ዞረው ተመለከቱ። አዲስ ነጻ የሚወጡት መንግሥታት ድርጅቱን ከማንም ይልቅ እንደሚፈልጉት፣ ድርጅቱም እነርሱን እንደሚፈልግ አምነው ነበር።

ኮንጎ ይህን እምነት ፈተነችው። አገሪቱ ጁን 30 ቀን 1960 ነጻ ወጣች፤ በቀናት ውስጥ ሠራዊቱ አመፀ፣ የቤልጅግ ጦር ተመልሶ ገባ፣ ጁላይ 11 ቀን በማዕድን የበለጸገችው ካታንጋ በሞይስ ቾምቤ መሪነት መገንጠሏን አወጀች። ሐማርሾልድ የቻርተሩን አንቀጽ 99 ጠቅሰው የጸጥታውን ምክር ቤት ሰበሰቡ፤ ጁላይ 14 ቀን ጦር እንዲላክ ተወሰነ። ኢትዮጵያ በመጀመሪያው ዙር ጦር ከላኩት አገሮች አንዷ ነበረች። ኦገስት 12 ቀን ዋና ጸሐፊው የስዊድን ወታደሮችን አስከትለው ራሳቸው ኤልዛቤትቪል ገቡ፣ ከቾምቤም ጋር ተነጋገሩ። የቤጂንጉ ዘዴ እንደገና መሥራቱ ነበር፤ ነገር ግን ጉዞው የአገሪቱን ጠቅላይ ሚኒስትር ፓትሪስ ሉሙምባን ሳያማክር የተደረገ በመሆኑ በሁለቱ መካከል የማይሽር ቁርሾ ፈጠረ።

በዚህ ቦታ የሕይወት ታሪክ ጸሐፊ ለባለታሪኩ ጠበቃ እንዳይሆን መጠንቀቅ አለበት። ሴፕቴምበር 5 ቀን 1960 ፕሬዚዳንት ካሳቩቡ ሉሙምባን ከሥልጣን ማንሣታቸውን ሲያውጁ፣ በቦታው የነበሩት የድርጅቱ ተወካይ የአውሮፕላን ማረፊያዎችንና የሬዲዮ ጣቢያውን ዘጉ። እርምጃው በስም ገለልተኛ ነበር፤ በውጤቱ ግን ደጋፊዎቹን በሬዲዮ ለመጥራት የተዘጋጀውን ሉሙምባን ድምፅ ሲነፍገው፣ ካሳቩቡ ከወንዙ ማዶ ባለው ጣቢያ መጠቀም አላቃታቸውም። ሉሙምባ በዲሴምበር ተያዘ፣ ጃንዋሪ 17 ቀን 1961 በካታንጋ ተገደለ። ግድያውን ያቀነባበሩት የካታንጋ ሹማምንትና የቤልጅግ መኮንኖች ናቸው፤ ሆኖም የሐማርሾልድ ገለልተኝነት ለብርቱው ወገን ያደላ ሆኖ የተገኘበትን ሰዓት መካድ አይቻልም። ሶቪየት ኅብረት ሥልጣናቸውን እንዲለቁና በቦታቸው ሦስት ሰዎች እንዲሾሙ ስትጠይቅ፣ ድርጅቱ የሚያስፈልገው ለኃያላኑ ሳይሆን ለትንንሾቹ አገሮች መሆኑን ተናግረው እንደማይለቁ አስታወቁ። ከሉሙምባ ሞት በኋላ ሞስኮ እንደ ዋና ጸሐፊ አልቀበላቸውም አለች።

አስገራሚው ነገር በ1961 ክረምት ላይ በካታንጋ ያለው ነገር መገልበጡ ነው። የድርጅቱ ጦር በነሐሴ መጨረሻና በመስከረም መጀመሪያ የካታንጋን ቅጥረኛ ወታደሮች ለማስወጣት ዘመቻ ከፈተ። ሴፕቴምበር 13 ቀን የተጀመረው ሁለተኛው ዘመቻ ከሸፈ፤ በጃዶትቪል የአየርላንድ ወታደሮች ተከበቡ፣ የካታንጋ አንዲት የፉጋ ጄትም የድርጅቱን ጦር ከአየር ትደበድብ ጀመር። ብሪታንያ፣ ቤልጅግና የማዕድን ኩባንያዎች ለካታንጋ የነበራቸው ፍላጎት የታወቀ ነው። በአንድ ዓመት ውስጥ ሐማርሾልድ በምሥራቁም በምዕራቡም ዘንድ ተጠልተው ነበር።

ዋና ጸሐፊው የመረጡት መፍትሔ የሚታወቀውን ነው፤ ቾምቤን ራሳቸው ሄደው ማነጋገር። ቦታው ድንበር ተሻግሮ ያለው ንዶላ ሆነ። አልበርቲና የተባለው ዲሲ-6 አውሮፕላን በዚያው ዕለት ጠዋት ከኤልዛቤትቪል ሲነሣ ተተኩሶበት ተጠግኖ ነበር። ሴፕቴምበር 17 ቀን ከሰዓት በኋላ ከሊዮፖልድቪል ሲነሣ እውነተኛው የበረራ ዕቅድ አልተመዘገበም፤ የካታንጋን ሰማይ ለመሸሽ በምሥራቅ በኩል ዞሮ፣ ብዙውን መንገድ ሬዲዮውን ዝም አሰኝቶ በረረ። ከሌሊቱ 6 ሰዓት ከ10 ደቂቃ ገደማ የንዶላን መብራት ማየቱን ለማረፊያው ካስታወቀ በኋላ ድምፁ ጠፋ። ስብርባሪው ከማረፊያው 15 ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ርቆ የነበረ ቢሆንም መገኘቱ በይፋ የተነገረው ከአሥራ አምስት ሰዓታት በኋላ ነው። ከተሳፈሩት 16 ሰዎች አንድ የጸጥታ ሠራተኛ ብቻ በሕይወት ተገኝቶ ከቀናት በኋላ ሞተ። ሐማርሾልድ በኡፕሳላ በቤተሰባቸው መቃብር ተቀበሩ፤ የ1961 የኖቤል የሰላም ሽልማትም ከሞታቸው በኋላ ተሰጣቸው።

የሮዴዢያ ኮሚሽን ጥፋቱን የአብራሪው አደረገው። የተባበሩት መንግሥታት ኮሚሽን በ1962 ምክንያቱን ሳይወስን ተወው። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት በአመዛኙ የምስክር ጉዳይ ነው። በሰማይ ሁለተኛ አውሮፕላን ወይም ብልጭታ ማየታቸውን የተናገሩ የአካባቢው አፍሪካውያን፣ ከእነርሱም መካከል በደኑ የነበሩ ከሰል አክሳዮች፣ በሮዴዢያው ምርመራ ቃላቸው ዋጋ አላገኘም። የብሩገር ፊልም ታላቅ ውለታ እዚህ ላይ ነው። የፊልሙ ሁለተኛ ባለታሪክ ስዊድናዊው ዮራን ቢዮርክዳል ነው፤ ምርምሩን የጀመረው አባቱ ከዛምቢያ ባመጣው፣ የአውሮፕላኑ አካል ነው በተባለ ቀዳዳ ያለው ብረት ነው። ፊልሙ ከመሠራቱ ከብዙ ዓመታት በፊት ወደ ንዶላ ሄዶ በሕይወት የቀሩትን ምስክሮች አነጋግሯል። በፊልሙ ውስጥ ሽማግሌዎቹ ዛፎቹን እያመለከቱ ሲናገሩ ካሜራው ይሰማቸዋል። ግማሽ ምዕተ ዓመት ያህል ያልተሰሙ ሰዎች ናቸው።

የተቀረው የፊልሙ አሠራር ግን ከባለታሪኩ ጠባይ ጋር ፊት ለፊት ይጋጫል። ብሩገር ነጭ ልብስ ለብሶ በሆቴል ክፍል ይንጎራደዳል፤ ተራ በተራ የሚቀርቡ ሁለት ጥቁር ሴቶች የሚነግራቸውን በጽሕፈት መኪና ይመታሉ። የነጩ ልብስ መነሻ ከወንጀሉ ጋር በስም የሚያያዝ አንድ ደቡብ አፍሪካዊ ነው። ፊልም ሠሪው ምርመራው ወደ ምንም ላያደርስ እንደሚችል፣ ሴቶቹን ለምን ሁለት እንዳደረጋቸውም በቅጡ እንደማያውቅ ራሱ ያምናል። ይህ መናዘዝ የዘጋቢ ፊልምን የሐሰት እርግጠኝነት ስለሚያጋልጥ በሰንዳንስ ፌስቲቫል የዳይሬክተርነት ሽልማት ማግኘቱ አያስደንቅም። ቢሆንም ራሱን ከገዛ ማስታወሻው ሳይቀር ያስወጣ ሰው፣ ራሱን ከማዕቀፉ ማውጣት በማይችል ሰው ሲተረክ የሚጎድል ነገር አለ።

ፊልሙ በኋለኛው ክፍሉ ሐማርሾልድን ጨርሶ ይተዋል። በ1998 የደቡብ አፍሪካ የእውነትና የዕርቅ ኮሚሽን ይፋ ያደረጋቸው፣ የባሕር ምርምር ተቋም በሚል ስም በሚጠራ ስውር ቡድን የተጻፉ የሚመስሉ ሰነዶች ዋና ጸሐፊውን ስለማስወገድ ያወሳሉ፤ ዋናው ቅጂያቸው ለምርመራ አልቀረበም። ብሩገር የዚህን ቡድን ዱካ ሲከተል አንድ የቀድሞ አባል ነኝ ባይ ቡድኑ በክትባት ሽፋን ኤች አይ ቪን ያሠራጭ እንደነበር ይነግረዋል። የሕክምና ሳይንቲስቶች ይህን የማይሆን ነገር ብለው ነቅፈውታል። በእኔ ግምት ጉዳቱ በፊልሙ ብቻ አይቆምም፦ በአንድ ሰው ቃል ላይ የቆመ የማይታመን ክስ ከከሰል አክሳዮቹ ምስክርነት ጋር በአንድ ፊልም ሲጣመር፣ ዳግመኛ የማይታመኑት ከሰል አክሳዮቹ ይሆናሉ።

ይፋዊው ምርመራ በዝግታ ሌላ መንገድ ሄዷል። የሱዛን ዊሊያምስ መጽሐፍ በ2011 ከወጣ በኋላ በፈቃደኛ የሕግ ሊቃውንት የተቋቋመ ኮሚሽን ጉዳዩ እንደገና እንዲታይ በ2013 ሐሳብ አቀረበ። ጠቅላላ ጉባኤው ሥራውን የሰጣቸው የቀድሞው የታንዛኒያ ዋና ዳኛ ሞሐመድ ቻንዴ ኦትማን በ2017 ባቀረቡት ዘገባ የውጭ ጥቃት ወይም ማስፈራራት ለውድቀቱ ምክንያት ሊሆን እንደሚችል አመለከቱ። ከዚያ ወዲህ በቀረቡት ዘገባዎች ደጋግመው የሚያነሡት ነጥብ ቁልፍ መረጃ በጥቂት መንግሥታት የስለላና የጦር መዛግብት ውስጥ ሳይገለጥ መኖሩን ነው። እንግዲህ መዝገቡ ያልተዘጋው ምስክር በማጣት አይደለም።

በዚህ ረገድ ለአገራችን ተመራማሪ የተተወ አንድ ጥግ አለ። ፉጋዋን ለመከላከል ድርጅቱ በዚያ ሳምንት ከኢትዮጵያ ተዋጊ ጄቶችን ጠይቆ ነበር፤ የኢትዮጵያ መንግሥትም ፈቃደኛ ነበር። ጄቶቹ በብሪታንያ አስተዳደር ሥር በነበረችው ዩጋንዳ በኩል ማለፍ ነበረባቸው። የለንደን ፈቃድ ግን ዘገየ፤ የተገኘው ሐማርሾልድ ከሞቱ በኋላ ነው። ስለዚህ መዘግየት የሚነገረው እስከ ዛሬ በአብዛኛው ከብሪታንያና ከተባበሩት መንግሥታት ሰነዶች ተነሥቶ ነው። ከአዲስ አበባ የወጡት ደብዳቤዎች፣ የአየር ኃይሉ የዝግጅት ትእዛዞች፣ ፈቃዱን ሲጠባበቁ የቆዩት አብራሪዎች ማስታወሻ ካለ እርሱም፣ ተሰብስበው ከነዚያ ሰነዶች ጋር ቀን በቀን ሊመሳከሩ ይገባል።